ሳሚ ዴቪስ ጁኒየር ማን ነበር? መንገዱን በየሌሊቱ እነዳበታለሁ፣ ሰውየውን ግን አላውቀውም

የሌሊት ሹፌር፦
ሰላም ለሁላችሁ። ላስ ቬጋስ ነው ያለሁት፤ ሌሊት ሌሊት ታክሲ እነዳለሁ። እዚህ ከስትሪፑ (ትልልቆቹ ሆቴሎችና ካዚኖዎች የተደረደሩበት ዋናው ጎዳና) ጀርባ፣ ሃይዌዩን ተጠግተው የሚሄዱ ሦስት መንገዶች አሉ። አንዱ ፍራንክ ሲናትራ ድራይቭ፣ አንዱ ዲን ማርቲን ድራይቭ፣ ሦስተኛው ሳሚ ዴቪስ ጁኒየር ድራይቭ ይባላል። ሦስተኛው ድሮ ስሙ ኢንዱስትሪያል ሮድ ነበር፤ የቆዩ ሹፌሮች እስካሁን እንደዛ ነው የሚጠሩት። ስትሪፑ ሲታፈን የምናመልጠው በእሱ ነው። ታፔላውን በሌሊት አስር ጊዜ አያለሁ፣ ሰውየው ማን ይሁን ብዬ ግን ጠይቄ አላውቅም።

ባለፈው ሳምንት በዕድሜ የገፉ ጥቁር አሜሪካዊ ጫንኩ። ታፔላውን ሲያዩ ሳቅ አሉና «ይሄ ሰውዬ ሆቴሉ ውስጥ ሕዝቡን ሲያስጨበጭብ አምሽቶ ለመተኛት ከተማው ማዶ ነበር የሚሄደው፤ አሁን መንገድ ሰጡት» አሉኝ። ሌላ ልጠይቃቸው ስል ደረስን፣ ወረዱ። ቤት ገብቼ ቪዲዮ ከፈትኩ። አንዱ ላይ ይዘፍናል። አንዱ ላይ ይደንሳል፣ ከፍጥነቱ የተነሳ እግሩ አይታይም። አንዱ ላይ ደግሞ ነጩ ዘፋኝ ዲን ማርቲን እንደ ሕፃን ብድግ አድርጎ ታቅፎት ሰው ሁሉ ይስቃል፣ እሱ ራሱም ከሁሉም በላይ እየሳቀ ነው። ይሄኛው ትንሽ ከበደኝ፤ ለምን እንደሆነ እንጃ።

ጥያቄዬ ሁለት ነው። ሰውየው ዋና ሥራው ምን ነበር? ዘፋኝ ነው፣ ኮሜዲያን ነው፣ ወይስ የፊልም ሰው? ደግሞስ በራሱ ሰዎች ዘንድ የተከበረ ነው ወይስ የተናቀ? የሥራ ጓደኞቼን ብጠይቅ አንዱ ጀግና ነው ይለኛል፣ ሌላው «የነጮች አጫዋች» ይለኛል። ቢረዝምም ጻፉልኝ፤ ኤርፖርት ወረፋ ላይ ነኝ፣ የማነበው የለኝም።

የኩሽናው አባት፦
ልጄ፣ ጥሩ ጠየቅህ። እኔ እዚህ ከተማ የገባሁት በ80ዎቹ ነው (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው፣ እንዳትደናገሩ)። ዕቃ በማጠብ ጀምሬ ብዙ ዓመት ሆቴል ኩሽና ውስጥ ሠርቼ ጡረታ ወጥቻለሁ። ያኔ አብረውን ይሠሩ የነበሩት የዌስትሳይድ፣ የጥቁሮቹ ሰፈር ሰዎች ናቸው፤ ስለ ሳሚ መጀመሪያ የሰማሁት ከእነሱ ነው። በኋላ ራሱ የጻፈውንም አነበብኩ።

የተወለደው በ1925 ኒው ዮርክ፣ ሃርለም ውስጥ ነው። አባትም እናትም ዳንሰኞች ነበሩ። ሲለያዩ አባትየው ልጁን ይዞ በየከተማው ዞረ። የዳንስ ቡድኑ አለቃ ዊል ማስቲን ይባላል፤ ሳሚ አጎቴ እያለ ይጠራዋል እንጂ የሥጋ ዘመዱ አይደለም። ልጁ ገና በሦስት ዓመቱ ገደማ መድረክ ላይ ወጣ። ሕፃን ማሠራት ክልክል ስለነበር ሲጋር አፉ ላይ ሰክተው «ድንክ ነው» ብለው ያሳልፉት ነበር። በሰባት ዓመቱ ፊልም ሠራ። ትምህርት ቤት የሚባል ደጅ አልረገጠም።

ዋና ሥራው ምን ነበር ላልከው መልሱ እዚህ ጋ ነው። በዚያ መድረክ ያደገ ልጅ አንድ ነገር ብቻ ነው የምችለው ቢል እራቱን አያገኝም። ይዘፍናል፣ ይደንሳል፣ ያስቃል፣ ከበሮ ይመታል፣ ጥሩምባ ይነፋል፣ የሰው ድምፅ ያስመስላል፣ ሁሉንም በአንድ ምሽት። የኛ አዝማሪ መሰንቆውንም፣ ግጥሙንም፣ ቀልዱንም፣ ሰው መንካቱንም ብቻውን እንደሚችለው በለው። በኋላ ብሮድዌይም (የኒው ዮርክ ትልልቅ ቲያትር ቤቶች) ገባ፣ ሆሊውድም ገባ፣ በ1972 ደግሞ የከረሜላ ሻጭ ዘፈኑ አሜሪካ ውስጥ አንደኛ ወጣለት። የሚገርመው ዘፈኑን አይወደውም ነበር።

በ1943 ለውትድርና ተወሰደ። እስከዚያ ድረስ አባቱና ማስቲን ዘረኝነትን ደብቀውት ነበር። አንዱ ቤት አላስገባም ሲላቸው «ቀንተውብን ነው» ይሉታል፣ ልጁም ያምናል። ጦር ሰፈር ሲገባ ግን የሚደብቅለት የለም፤ አፍንጫው እስኪሰበር ተደባደበ። ኋላ ለወታደሩ ትርኢት የሚያቀርብ ክፍል ውስጥ ሲመደብ፣ የሚጠላውን ሰው ቢያንስ ለደቂቃዎች አፍዝዞ ማስቀመጥ እንደሚችል ያወቀው እዚያ ነው።

ስሙ የተነሳው በ1951 ነው። ሆሊውድ ውስጥ ሲሮስ የሚባል ክለብ፣ የኦስካር ምሽት፣ ታዳሚው በሙሉ የፊልም ሰው። እነ ሳሚ የገቡት ለዋናዋ ዘፋኝ ማሟሻ ሆነው ነው። ሳሚ ምን አደረገ መሰለህ? የነጭ ኮከቦችን ድምፅና ሁኔታ እያስመሰለ፣ ኮከቦቹ ፊት ለፊት ተቀምጠው እያዩት። ጥቁር ነጭን ማስመሰል ያኔ የሚታሰብ ነገር አልነበረም፤ ማስቲን ራሱ እንዳትሞክራት ብሎት ነበር። ቤቱ ተናጋ። ከዚያ ምሽት በኋላ ማሟሻ ሆኖ አያውቅም።

አሁን ሽማግሌው ተሳፋሪህ ወዳሉህ ነገር ልምጣ። ያኔ የስትሪፑ ሆቴሎች ጥቁር ዘፋኝ ይቀጥራሉ፤ ክፍል ግን አይሰጡትም። ካዚኖው ውስጥ አይቆምም፣ ምግብ ቤቱ አይበላም፣ መዋኛውን አይነካም። ጭብጨባው ሲያልቅ በጓሮ በር ይወጣና ሐዲዱን ተሻግሮ ዌስትሳይድ፣ ክፍል የሚያከራዩ እናቶች ቤት ሄዶ ያድራል። በ1955 ሙላን ሩዥ የሚባል ጥቁርና ነጭ አብሮ የሚገባበት ሆቴል እዚያው ሰፈር ተከፈተ። የስትሪፑ ዘፋኞች ሥራቸውን ሲጨርሱ ወደዚያ ይጎርፉ ነበር፤ ግን ዓመት ሳይሞላው ተዘጋ። የስትሪፑ ሆቴሎች በራቸውን ለጥቁር ለመክፈት የተስማሙት በመጋቢት 1960 ነው፣ ያውም ሰልፍ እንወጣለን የሚል ማስጠንቀቂያ ከደረሳቸው በኋላ። ሳሚ እንግዲህ ከዚያ በፊት ጀምሮ፣ ስሙ እየገነነ ሲሄድ «ክፍል ካልተሰጠኝ አልሠራም» ካሉት ሰዎች አንዱ ነበር።

የሞተው በግንቦት 1990 ነው፣ በ64 ዓመቱ። የጉሮሮ ካንሰር። ሲጋራ ከእጁ አይለይም ነበር። ሐኪሞቹ ማንቁርትህ ይውጣ ቢሉት ድምፄን አልሰጥም ብሎ ጨረሩን መረጠ። ከሞተ በሁለተኛው ቀን ማታ የስትሪፑ መብራት ለአሥር ደቂቃ ደብዘዝ ተደረገለት። እኔ ሥራ ላይ ነበርኩ። ሽርጣችንን እንዳደረግን ወጥተን በጓሮ በኩል ቆመን አየን። አጠገቤ የቆመው የዌስትሳይድ ሰው «በዚህ በር ነበር የሚያስወጡት» አለ፤ ሌላ ምንም አልጨመረም።

እውነት አይሸሽም፦
ጋሼ፣ አክብሮቴ እንዳለ ሆኖ፣ ግማሹን ነው የነገሩት። እኔ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው የምኖረው፤ እዚህ የሚሠሩ ትልልቅ ጥቁር አሜሪካውያን ጋ የሳሚን ስም ስታነሳ ፊታቸው ይለወጣል። ልጁ ያየው ቪዲዮ ለምን እንደከበደው እኔ ልንገረው። ሲናትራና ማርቲን የሚባሉት ነጭ ዘፋኞችና ሳሚ በ1960 መጀመሪያ ሳንድስ ሆቴል ቀን ቀን ፊልም እየቀረጹ ማታ ማታ መድረክ ላይ ይጫወቱ ነበር። ማርቲን ሳሚን ብድግ ያደርገውና ይሄን ዋንጫ ስለሸለመኝ የጥቁሮቹን የመብት ማኅበር አመሰግናለሁ ይላል። ሰው ይፈርሳል በሳቅ። ሲናትራ ደግሞ መብራቱ ሲጠፋ ፈገግ በል፣ እንድናይህ ይለዋል። እሱ ምን ያደርጋል? ጉልበቱን እየመታ፣ ወለሉ ላይ እየተንከባለለ ይስቃል። በየቀኑ። ይሄ ጓደኝነት ነው? ቢሮህ ውስጥ አንዱ እንደዛ ቢያደርግህ ትስቃለህ?

1972ን ደግሞ ዘለሏት። የሪፐብሊካኖች ጉባኤ ጊዜ ማያሚ ላይ ፕሬዝዳንት ኒክሰንን ከኋላ መጥቶ እቅፍ አደረገው። ፎቶው አገር ምድሩን አዳረሰ። በዚያው ዓመት ቺካጎ፣ የገዛ ሕዝቡ ፊት መድረክ ላይ ሲወጣ ጮኹበት። እኔ ክፉ ሰው ነበር አልልም፤ ተሰጥኦውንም አልክድም። ግን አጨብጭቡልኝ ብሎ የኖረ ሰው ነው። ማን እንደሚያጨበጭብለት ግድ አልነበረውም።

የነታንያዋ፦
ሰላም ወንድሞቼ። ጣልቃ ልግባ፣ ምክንያቱም ሁላችሁም አንዱን ትልቅ ነገር ረስታችሁታል፤ ሳሚ አይሁዳዊ ነበር እኮ! እኔ በ1991 ልጅ ሆኜ ነው ወደ እስራኤል የመጣሁት። ትምህርት ቤት ልጆች «ጥቁር አይሁዳዊ የት አለ?» ሲሉኝ ቤት ገብቼ አለቀስኩ። አንዲት መምህርት ናት የሳሚን ፎቶ አሳይታኝ «ይኸው» ያለችኝ። የሱ መንገድ ከኛ የተለየ እንደሆነ አውቃለሁ። እኛ ከአያት ቅድመ አያት ይዘነው የመጣነው ነው፣ እሱ በገዛ ፈቃዱ የገባበት ነው። ግን ለአሥር ዓመት ልጅ ያ ፎቶ ብዙ ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። በኅዳር 1954 ከቬጋስ ወደ ሎስ አንጀለስ ለቀረጻ እየነዳ ሳለ ሳን በርናርዲኖ አካባቢ ተጋጨ። የዚያን ጊዜ መኪና መሪው መሐል ላይ የሾለ ጌጥ ነገር ነበረው፤ ግራ ዓይኑ እሱ ላይ አረፈ። ዓይኑ ጠፋ። ገና 28 ዓመቱ ነበር። ቀደም ሲል ኤዲ ካንቶር የሚባል አይሁዳዊ ኮሜዲያን መዙዛ (የጸሎት ጽሑፍ የሚይዝ ትንሽ መያዣ) ሰጥቶት አንገቱ ላይ ያደርገው ነበር፣ ያን ቀን ግን ረስቶት ወጥቷል፤ እሱ ራሱ ነው የሚተርከው። ሆስፒታል ተኝቶ ከአንድ ረቢ፣ ከአይሁድ የሃይማኖት መምህር ጋር ማውራት ጀመረ፣ ማንበብ ጀመረ። የአይሁዶችንና የጥቁሮችን መከራ አንድ ዓይነት ሆኖ አገኘው። ሲለወጥ ደግሞ ሁለቱም ወገን ሳቀበት። ጥቁሮቹ የሆሊውድ ጌቶችን ለማስደሰት ነው አሉ፣ ከአይሁዶቹም ለወሬ ነው ያሉ ነበሩ። እኔ ይሄ በደንብ ይገባኛል፣ «እርግጠኛ ነሽ?» የሚለውን ጥያቄ ዕድሜ ልኬን ስሰማው ነው የኖርኩት።

እና እውነት አይሸሽም ወንድሜ፣ ስለ ቀልዱ አንድ ነገር ልበልህ። ጎልፍ ሲጫወት የመነሻ ነጥብህ ስንት ነው ብለው ጠየቁት። ቃሉ በእንግሊዝኛ እንቅፋትም ማለት ነው። «እንቅፋት ትለኛለህ? አንድ ዓይና፣ ጥቁር፣ አይሁዳዊ ነኝ» አለ። ይሄን ቀልድ ሌላ ሰው ቢነግረው ስድብ ነው። እሱ ሲነግረው ግን ሰዎቹ ሊሰድቡበት ያዘጋጁትን ሁሉ ቀድሞ ከእጃቸው ነጠቀ። ሁሌ ይሳካለታል ማለቴ አይደለም። የዋንጫው ቀልድ እኔንም ያመኛል።

ፒያሳ ታፕ፦
ወይ ጉድ፣ ሁላችሁም ስለ ፖለቲካው ብቻ! እኔ አዲስ አበባ ነኝ፣ ዳንስ አስተምራለሁ። ሰውየውን ማወቅ የፈለገ እግሩን ይይ። ጫማው ሥር ብረት ተመትቶ ወለሉን እንደ ከበሮ የሚያናግሩበት ዳንስ ነው፣ ታፕ ይባላል። ሳሚ ቁመቱ አጭር፣ ክብደቱ ላባ ነው፤ ለዚህ የተሠራ። እስክስታ ትከሻ ላይ እንዳለው ሁሉ ታፕ ቁርጭምጭሚት ላይ ነው ያለው። አንዱን ዓይን ሲያጣ ሚዛኑን አጥቶ ነበር፤ ርቀት መለካት አቃተው፣ ውኃ ብርጭቆ ውስጥ መቅዳት ራሱ እንደ አዲስ ነው የተማረው። በዚያ ላይ ነው ወራት ሳይቆይ ተመልሶ የደነሰው። ይሄን ያልሞከረ አይገባውም፤ እኔ ተማሪዎቼን አንድ ዓይናቸውን አስጨፍኜ አንድ ዙር አሽከርክሬያቸዋለሁ፣ ሁሉም ግድግዳ ላይ ሄዱ።

በ1989 መጨረሻ መድረክ ላይ 60 ዓመት የሞላበት ተብሎ ትልቅ ዝግጅት ተደርጎለት ነበር። በካንሰሩ ከስቶ ድምፁም ስለከዳው አይዘፍንም፣ ቁጭ ብሎ ያያል። ማይክል ጃክሰን ለሱ ብሎ በተጻፈ ዘፈን «አንተ ስለነበርክ ነው እኛ ያለነው» ዓይነት ነገር ዘፈነለት። ከዚያ ግሪጎሪ ሃይንስ ወጥቶ ደነሰ፤ ሲደንስ ሳሚ አላስችል አለውና ጫማውን ቀይሮ ወጣ። አብረው ደነሱ። መጨረሻ ላይ ሃይንስ ጎንበስ ብሎ የሳሚን ጫማ ሳመ። ቪዲዮው አለ፣ ፈልጋችሁ እዩት። ከዚያ በኋላ ስድስት ወር ገደማ ነው የቆየው።

እውነት አይሸሽም፦
ፒያሳ ታፕ ቪዲዮውን አየሁት። እሺ፣ እሱኛው አስለቀሰኝ። ኒክሰን ግን ኒክሰን ነው።

የኩሽናው አባት፦
ልጄ እውነት፣ ኒክሰንን አልዘለልኩትም፣ ወደዚያ ለመድረስ ሌላ ነገር መቅደም ስላለበት ነው። በ1957 ሳሚ ኪም ኖቫክ ከምትባል ነጭ ተዋናይት ጋር ወዳጅነት ጀመረ። የስቱዲዮዋ አለቃ በቁጣ ሊሞት ደረሰ። ማፍያ ላኩበት፣ የቀረችውንም ዓይንህን እናወጣታለን አሉት ይባላል። በጥር 1958 በጥድፊያ ጥቁር ሴት አገባ፤ ለማስመሰል ነው፣ ወዲያው ተፋቱ። እዚህ ላይ ፈርቶ ነበር፣ አልክድልህም። እኔም ብሆን እፈራ ነበር።

በ1960 ግን ሜይ ብሪት የምትባል ስዊድናዊት ተዋናይት አፈቀረ፤ አሁን አልሸሸም። ጥቁርና ነጭ መጋባት በብዙ ክፍለ ግዛቶች በሕግ የተከለከለ ነበር፣ በመላ አገሪቱ የተፈቀደው በ1967 ነው። የግድያ ዛቻ በየቀኑ ይመጣል። በዚያው ጊዜ እሱና ሲናትራ ለኬኔዲ የፕሬዝዳንትነት ምርጫ ቀን ከሌት ይሠራሉ። ሰርጉ ድምፅ እንዳያስቀንስበት ተብሎ ከምርጫው በኋላ እንዲሆን ተገፋ። አስበው፣ ሰርግህን ለሌላ ሰው ምርጫ ስትገፋ! በኅዳር ተጋቡ፣ ሚዜው ሲናትራ ነበር። ኬኔዲ አሸነፈ። በጥር በዓለ ሲመቱ ሲመጣ ሳሚ እንዳይገኝ ተነገረው፤ የደቡብ ሰዎች ይቆጣሉ ተባለ።

እና ኒክሰን ሲጠራው፣ ዋይት ሃውስ አስገብቶ ሲያሳድረው፣ ምን ይበል? አልመጣም ማለት ነበረበት እንል ይሆናል፣ እኔም እንደዛ የማስብበት ቀን አለ። ግን ያ ቤት አንድ ጊዜ በሩን ፊቱ ላይ ዘግቶበታል፣ ያውም እሱ ቀን ከሌት የሠራላቸው ሰዎች። ደግሞ ሰልማንም፣ የጥቁሮቹን የመምረጥ መብት ሰልፍ፣ ጻፍልኝ። በመጋቢት 1965 ሰልፈኞቹ ሞንትጎመሪ ሊደርሱ ሲሉ ሳሚ ብሮድዌይ ላይ ዋና ተዋናይ ሆኖ በየቀኑ ይሠራ ነበር። የዚያን ምሽት ትርኢት ተሰርዞ አላባማ ሄደ። ደቡብን በጣም ይፈራ እንደነበር ራሱ ተናግሯል። ፈራ፣ ግን ሄደ። ማርቲን ሉተር ኪንግ ገንዘብ ሲያጣ የሳሚን በር ያንኳኳ ነበር፣ ባዶ እጁን አይመለስም።

ለራሱ ግን ብር አያያዝ አያውቅም። ያገኘውን በትኖ፣ ቁማሩንም ተጫውቶ፣ ሲሞት ለመንግሥት ብዙ ሚሊዮን ዶላር ግብር ቀርቶበት ነበር። ዕቃው ሁሉ በሐራጅ ተሸጠ፤ ጫማው ሳይቀር።

የሌሊት ሹፌር፦
እናንተ ሰዎች ሌሊቱን ሙሉ አነበብኳችሁ፣ ሁለት ጊዜ ወረፋ አለፈኝ። ጋሼ እግዜር ይስጥልኝ። የነታንያዋ እህቴ አንቺም፣ የመምህርቷን ነገር ሳነብ ቆም አልኩ።

እኔም አንድ ነገር አገኘሁ። በ1972 አንድ የአሜሪካ ድራማ ላይ ራሱን ሆኖ ተጫውቷል። ድራማው ላይ አርቺ የሚባል ዘረኛ ሰውዬ አለ፣ ትርፍ ሰዓቱን ታክሲ ይነዳል። ሳሚ ታክሲው ውስጥ ቦርሳውን ይረሳና ሊወስድ ቤቱ ይመጣል። ሰውየው ዝነኛ ቤቱ መጥቶ ደስታውን አልቻለም፣ አፉ ግን አላረፈም፣ ሊያመሰግነው ብሎ ይሰድበዋል። ሳሚ አይቆጣም። አርፎ ይሰማል፣ አንዳንዴ ብቻ ጣል ያደርጋል። ወጥቶ ሊሄድ ሲል ፎቶ እንነሳ ይባላል። ካሜራው ቀጭ ሊል ሲል ሳሚ ዘወር ብሎ ሰውየውን ጉንጩ ላይ ይስመዋል! የሰውየው ፊት! መኪናዬ ውስጥ ብቻዬን ሳቄን ለቀቅሁት፣ ከኋላዬ ያለው ሹፌር ክላክስ እስኪያደርግብኝ።

እና እውነት አይሸሽም፣ ያን የዋንጫውን ቪዲዮ መልሼ አየሁት። አሁንም ከብዶኛል። ግን አሁን ዓይኔን የሚይዘው ማርቲን አይደለም። ሳሚ ከእቅፉ ሲወርድ ማይኩን አንስቶ መዝፈን ይጀምራል፣ ሌሎቹም ዝም ብለው ይቆማሉ።

ጋሼ፣ አንድ የመጨረሻ ጥያቄ። ያ ሙላን ሩዥ ያሉት ሆቴል የት ጋ ነው? ጠዋት መኪናውን ልመልስ ስሄድ ላየው ብዬ ነው።

የኩሽናው አባት፦
ቦናንዛ መንገድ ላይ ነበር ልጄ፣ ከመሐል ከተማው ወደ ምዕራብ። ግን አትልፋ፤ በ2003 ተቃጠለ፣ የተረፈውንም አፈረሱት። ታፔላውን ማየት ከፈለግህ ኒዮን ሙዚየም ነው ያለው። ማታ ሂድ፣ መብራቱ ሲበራ ነው የሚያምረው። ስትሄድ ደውልልኝና አብረን እንሂድ፤ ታክሲው ባንተ፣ ቡናው በኔ።